ብሩ ወለድ የለው፣ ቤቱ ኪራይ የለው

ተጠራጣሪ ነኝ። ይህን የምለው ለመናዘዝም ለመኩራራትም አይደለም፤ ሰው ግራኝ ነኝ እንደሚለው ነው። ስኳር ስገዛ ሚዛኑ ዜሮ ላይ መቆሙን ሳላይ አላስመዝንም። ተማሪ ፈተና ላይ ሲያስለው እንኳ ቀና ብዬ ወደ ማን ዞሮ እንደሚያስል አያለሁ። «ያልጠረጠረ ተመነጠረ» የሚለውን ተረት ከቡታጅራ ሰው ሁሉ አብልጬ የሠራሁበት እኔ ሳልሆን አልቀርም። ስለዚህ ቤታችን ምን እንዳስከፈለን ሳወራ የዋህ ሆነን የተታለልን የሚመስለው ካለ ከወዲሁ ይታረም። ያከሰረን መጠርጠር ነው፤ የጠረጠርኩትም እኔ ነኝ።

አባቴ አናጢ ነበር። ለብዙ ዓመት በኪራይ ቤት ውስጥ አልጋና ቁም ሣጥን ሲሠራ ኖሮ፣ መንግሥት ከተለወጠ ከጥቂት ዓመት በኋላ ከማዘጋጃ ቤት ቦታ ተመራ። ቦታው ከአዲስ አበባ በቡኢ በኩል መጥቶ ከተማችንን ለሁለት ከፍሎ የሚያልፈው ዋናው መንገድ ዳር ነው። ያኔ መንገዱ ገና አቧራ ነበር፣ ለቦታውም የተጋፋ ሰው አልነበረም። አባቴ ግን የቤቱን ንድፍ በደብተሬ ወረቀት ላይ ራሱ ሠራው። ፊት ለፊት ሁለት ክፍል፤ አንዱ መሥሪያ፣ አንዱ የተሠራው ዕቃ ተደርድሮ የሚታይበት። ከኋላ እኛ የምንኖርበት። የመንገዱን በር ሁለት ተካፋች አድርጎ አሰፋው፤ ቁም ሣጥን ሳይጋደም ቆሞ እንዲወጣበት። በጎን በኩል፣ በግድግዳውና በአጥሩ መካከል፣ ወደ ጓሮ የምታስገባ ሰባ ሳንቲ ሜትር መተላለፊያ ተወ። ለእናቴና ለዶሮዎቿ ትበቃለች አለ።

ግድግዳው ቆሞ ጭቃው ከተመረገ በኋላ ገንዘቡ አለቀ። ቆርቆሮው፣ የወለሉ ሲሚንቶ፣ በርና መስኮቱ ቀረ። ሠላሳ ሺህ ብር ጎደለ። በዚያ ዘመን ሠላሳ ሺህ ብር እንዲህ በቀላሉ የሚጠራ ቁጥር አልነበረም።

አባቴ መጀመሪያ የሄደው ባንክ ነው። ከረባት ያሰረው ሠራተኛ ቤቱንና ካርታውን አስይዞ በአሥር ዓመት የሚከፍለውን ብድር አስረዳው፤ የወር የወሩ ክፍያ የተዘረዘረበት ሠንጠረዥም ሰጠው። አባቴ የተማረው እስከ አራተኛ ክፍል ነው። ወረቀቱን አጥፎ ኪሱ ከተተና ቤት አምጥቶ ለእኔ ሰጠኝ። ከመምህራን ኮሌጅ ወጥቼ ሰባተኛና ስምንተኛ ክፍል ሒሳብ ማስተማር ከጀመርኩ ገና ዓመት አልሞላኝም ነበር። «አንቺ እይው» አለኝ። ያንን «አንቺ እይው» ሲለኝ የተሰማኝን ኩራት ዛሬም አልረሳሁትም።

አየሁት። በየወሩ አራት መቶ አሥራ ሦስት ብር፣ መቶ ሃያ ወር። ሲደመር አርባ ዘጠኝ ሺህ አምስት መቶ ስድሳ ብር። በሠላሳ ሺህ ላይ ወደ ሃያ ሺህ ብር ባዶ ወለድ! ይባስ ብሎ የመጀመሪያውን ወር ስመረምር ከአራት መቶ አሥራ ሦስቱ ብር ውስጥ ሁለት መቶ ሰባ አምስቱ ወለድ ነው፤ ዕዳው የሚቀንሰው በመቶ ሠላሳ ስምንት ብር ብቻ ነው። በቀይ እስክሪብቶ ከበብኩት። አባቴን አስቀምጬ እንደ ተማሪ አስረዳሁት፦ ገና ሲጀምሩ ይዘርፉሃል፤ አንድ ዓመት አንጀትህን አሥረህ ከፍለህ ዕዳህ ከቦታው ንቅንቅ አይልም፤ ብታጓድል ደግሞ ቤቱን በሐራጅ ይሸጡታል። አባቴ ጭንቅላቱን እየነቀነቀ ሰማኝ። ሠንጠረዡን መልሶ አጠፈው፣ ባንክ ቤትም ተመልሶ አልሄደም።

ከዚያ የቆርቆሮና የምስማር ነጋዴው መጡ። አባቴ ምስማርና ማጠፊያ የሚገዛው ከእሳቸው ስለነበር ይተዋወቃሉ። የስልጤ ሰው ናቸው፤ ድምፃቸው ቀስ ያለ፣ ሲናገሩ ዐይናቸው መሬት የሚያይ። ዐይኑ መሬት የሚያይ ነጋዴ ደግሞ ለእኔ በቂ ነው፤ የዚያን ቀን ጥርጣሬዬ ተተከለ። ያመጡት ሐሳብ ወለድ አገድ ነበር። እሳቸው ሠላሳ ሺህ ብሩን ይሰጣሉ፣ እኛ ሁለቱን የፊት ክፍሎች እንሰጣለን። እሳቸው ለክፍሎቹ ኪራይ አይከፍሉም፣ እኛም ለብሩ ወለድ አንከፍልም። ሠላሳ ሺውን በመለስን ቀን ቁልፋችንን እንረከባለን። አብረዋቸው የመጡ አንድ ሽማግሌ በአንድ ትንፋሽ ጠቀለሉት፦ «ብሩ ወለድ የለው፣ ቤቱ ኪራይ የለው።»

ስሙ ራሱ ማረከኝ። ወለድ አገድ! ወለድ የታገደበት ብድር ማለት መሰለኝ። የታገደው ወለዱ ሳይሆን ቤቱ እንደሆነ፣ ቤቱ በወለዱ ፈንታ ገብቶ እንደተቀመጠ አልገባኝም። በባንኩ ወረቀት ላይ ሃያ ሺህ ብር ወለድ በዐይኔ አይቼ ነበር፤ እዚህኛው ላይ የሚታይ ቁጥር የለም። ያልታየኝን ነገር ደግሞ አልጠረጠርኩትም። የሒሳብ አስተማሪ ሆኜ የሳትኩት ይህን ነው።

ሌላውን ግን አንድ ሳይቀር ጠረጠርኩ። ውሉ ሲጻፍ ሦስት ሽማግሌዎች ምስክር ሆነው ተቀምጠዋል፤ እኔ ከጸሐፊው ጀርባ ቆሜያለሁ። ብሩ በፊደልም በአኃዝም ይጻፍ አልኩ፣ ተጻፈ። በመስመሮቹ መጨረሻ የቀረውን ባዶ ቦታ ሁሉ በሰረዝ አስደፈንኩ። ያለ ባለቤቱ ፈቃድ በግድግዳው ላይ አንድ ምስማር እንዳይመቱ የሚል ዐረፍተ ነገር አስገባሁ፤ ምስማር ነጋዴ መሆናቸው ትዝ ብሏቸው አንዱ ሽማግሌ ሳቁ። ነጋዴው አልሳቁም፣ አልተቆጡምም። «ቲቸር ትክክል ናት፣ ይጻፍ» አሉ። እሺ ባዩ ሰው ደግሞ የበለጠ ያስፈራኛል።

ቤቱ ቆርቆሮ ለበሰ፣ ወለሉ ሲሚንቶ ሆነ፣ እኛም ከኋላ ገባን። ፊተኛው ክፍል በቆርቆሮ ክምርና በምስማር ካርቶን ተሞላ። አባቴ የሥራ ጠረጴዛውን ጓሮ አወጣና ከላይ ዳስ ሠራበት። ለጊዜው ነው አለ። ሁለት ዓመት፣ ቢበዛ ሦስት።

የመጀመሪያውን ዓመት ደንበኞቹ ፈልገው አገኙት። እየቆየ ሲመጣ ግን ከመንገድ ላይ ሆኖ እዚያ ጓሮ አናጢ አለ ብሎ የሚያስብ ሰው ጠፋ። የመጣውም ቢሆን ቁም ሣጥን ሲያዝዝ ችግር ሆነ፤ በሰባ ሳንቲ መተላለፊያ ቁም ሣጥን አይወጣም። አባቴ መጀመሪያ እየፈታ አወጣ። የተፈታ ዕቃ ገዢው ቤት ሲገጠም አንድ ቦታ ይላቀቃል፣ ይጮሃል፤ ገዢው ያማርራል። በኋላ «እሱን አልሠራም» ማለት ጀመረ። ከቁም ሣጥን ወደ ቡፌ፣ ከቡፌ ወደ ጠረጴዛ፣ ከጠረጴዛ ወደ በርጩማ ወረደ። እኔ ደብተር እያረምኩ በመስኮት እሰማው ነበር። «እህ፣ እሱ እንኳ ይቅርብኝ» ይላል ለደንበኛው፣ እንደ ቀልድ አድርጎ። በመተላለፊያዋ የምታልፍ ነገር ብቻ የሚሠራ አናጢ ሆነ። ያኔ ይህን እንደ ወጪ አልቆጠርኩትም። ቆጠራዬ ሁሉ ነጋዴው ላይ ነበር።

ምን ያልጠረጠርኩት አለ? በየዓመቱ ማዘጋጃ ቤት ሄጄ ፋይሉ በአባቴ ስም መሆኑን አያለሁ። የመዝገብ ቤቷ ሠራተኛ ገና ከበር ሳልፍ «አለ፣ አልጠፋም» ትለኛለች። የአጥሩን ርቀት በአባቴ ሜትር ለካሁ፤ አንድ ጊዜ አራት ሳንቲ ጎድሎ አገኘሁትና ሁለት ሌሊት እንቅልፍ አጣሁ። ሜትሩ ጫፉ ተቆርጦ ነው። በአራተኛው ዓመት አስፋልቱ መጣ፤ የመንገዱ ዳር ሁሉ ሱቅ ሆነ። በዚያው ሰሞን ነጋዴው የውስጡን ግድግዳ ሲሚንቶ ሊያስለስኑ አባቴን ፈቃድ ጠየቁት። «የቤቱ ጭቃ እየረገፈ ቀለሙን አበላሸብኝ» አሉ፤ ቀለምም መሸጥ ጀምረው ነበር። አባቴ ፈቀደ። እኔ ግን የሰው ቤት በገዛ ገንዘቡ የሚለስን ሰው ቤቱን የራሱ ሊያደርግ ነው ብዬ፣ ሲሚንቶው መብት እንደማያሰጣቸው የሚገልጽ ደብዳቤ ጽፌ አስፈረምኳቸው። አንብበው ፈረሙ፤ አንድ ቆርቆሮ ቀለምም «ለመስኮታችሁ» ብለው ሰጡኝ። ቀለሙን ሦስት ቀን ሳልከፍተው አስቀመጥኩት።

ገንዘቡን ለመመለስ ደግሞ እጃችንን አጣጥፈን አልተቀመጥንም። የመምህራን ዕቁብ ገባሁ፤ ሲወጣልኝ አሥራ ሁለት ሺህ ብር ያዝኩ። አባቴ ይህን ሰጥቶ አንዱን ክፍል እንዲያስለቅቅ ሽማግሌዎቹን ጠየቀ። ወለድ አገድ ተቆራርጦ አይመለስም አሉት፤ ልማዱ እንደዚያ ነው፣ ውሉም እንደዚያ ይላል። ውሉን ያነበብኩት እኔ ነኝ። አሥራ ሁለት ሺው ቀሪው እስኪሞላ ሲጠበቅ እናቴ ለሐሞት ጠጠር ተቀደደችና አለቀ። ሁለተኛው ዕቁብ ወንድሜን ኮሌጅ አስገባ። ያጠራቀምነው ሁሉ እንዲህ መንገድ ላይ እየቀለጠ ሠላሳ ሺህ ብሩ ሠላሳ ሺህ ብር ሆኖ ቆመ። የባንኩ ዕዳ በመጀመሪያው ወር በመቶ ሠላሳ ስምንት ብር መቀነሱ አስቆኝ ነበር። ይኸኛው በስምንት ዓመት ውስጥ በአንድ ሳንቲም አልቀነሰም።

በስምንተኛው ዓመት መጨረሻ ነጋዴው ሐጅ ሊሄዱ ተነሡ። አንድ ከሰዓት በኋላ በመተላለፊያዋ ገብተው ጓሮ መጡና አባቴ ሣንቃ ላይ አስቀመጣቸው። እኔም ከቤት ወጥቼ በሩን ተደግፌ ቆምኩ። ቆይተው፣ እንደ ልማዳቸው መሬት መሬቱን እያዩ፣ ለጉዞ ሲዘጋጁ አንድ የሃይማኖት አዋቂ ስለ ቤቱ ጉዳይ እንደጠየቁ ነገሩን። አዋቂው፣ አበድሮ የተያዘለትን ንብረት እየተጠቀመ የሚኖር ሰው ወለድ እየበላ ነው አላቸው። እሳቸው ይህን አያውቁም ነበር፤ ከአባታቸው ያዩት ልማድ ነው። አሁን ግን ሰምተዋል። ስለዚህ አንደኛውን ክፍል ዛሬውኑ ይለቃሉ። ሁለተኛውን እንደ ተከራይ ሆነው ይቆዩበታል፤ በየወሩ አንድ ሺህ ብር እያሰቡ ከሠላሳ ሺው ላይ ይቀንሳሉ፣ ሲያልቅ ይወጣሉ።

አባቴ መላጊያውን አስቀመጠ። ፊቱ ሲበራ አየሁት። ወደ ፊተኛው ክፍል ግድግዳ ዞር ብሎ ዐይኑን እዚያው አቆየ።

«አንድ ነገር ብቻ ነው የምለምናችሁ» አሉ ነጋዴው። «ያለፈውን አውፍ በሉኝ። እሱም አዲሱ ወረቀት ላይ ይግባልኝ።»

ጆሮዬ የቆመው እዚህ ላይ ነው። ከሙስሊም ጎረቤት ጋር ያደግኩ ሰው ነኝ፤ ሐጅ የሚሄድ ሰው ቤት ለቤት እየዞረ አውፍ በሉኝ፣ ይቅር በሉኝ እንደሚል አውቃለሁ። እኛም ይቅር ብለን የሸኘናቸው አሉ። ግን አውፍ በወረቀት የጠየቀ ሰው ሰምቼ አላውቅም። ምን አድርገውን ነው ይቅር የምንለው? ስምንት ዓመት ሙሉ ስፈልገው የኖርኩት ነገር ይኸው ራሱ አፍ አውጥቶ መጣ አልኩ። ካርታውን ነክተዋል፣ ወይ አስይዘው ሌላ ቦታ ተበድረውበታል፣ ወይ መንገዱ ሊሰፋ ነው የሚባለው እውነት ሆኖ ካሳውን ሊወስዱ ነው። አለዚያ ነጋዴ፣ ያውም የገበያው ማዕከል የሆነ ክፍል በእጁ የያዘ ነጋዴ፣ ማን አስገደደውና ነው የሚለቀው? አዲሱ ወረቀት አሮጌውን ይሽራል፤ «ያለፈውን ይቅር ብለናል» የምትለዋ መስመር ደግሞ አፋችንን ትዘጋለች።

«ያለፈው ምንድን ነው?» ብዬ መጠየቅ ነበረብኝ። አንድ ጥያቄ ናት፤ ተማሪዎቼን ያልገባችሁን ጠይቁ እያልኩ ነው የምኖረው። አልጠየቅኩም። የሚዋሽ ሰው መልስ ምን ያደርግልኛል ብዬ ነው።

«አባባ፣ እንዳትፈርም» አልኩ።

ነጋዴው ለመጀመሪያ ጊዜ ቀና ብለው አዩኝ። «ቲቸር፣ እኔ ያመጣሁት ከአላህ ጋር ያለብኝን ሒሳብ ነው» አሉ። እኔም፣ እግዜር ይቅር ይበለኝና፣ ሒሳብ የኔ ሙያ ነው ብዬ መለስኩላቸው። አባቴ እጁን በሱሪው ላይ ጠረገና፣ ሽማግሌዎቹን አስጠርቶ ቢያማክር እንደሚሻል ተናገረ። በሳምንቱ ሽማግሌዎቹ ፊት ግን ያለው እኔ ያልኩትን ነው፦ ልጄ አትፈርም ብላኛለች፣ አሮጌው ውል ይቆይ።

ነጋዴው ሐጅ ሄደው ሐጂ ሆነው ተመለሱ። ስለዚያ ነገር አንድ ቃል አልደገሙም። እኔም አለመድገማቸውን ማስረጃ አደረግኩት። እውነት ቢሆን ኖሮ ደግመው ይጠይቁ ነበር አልኩ።

ከስድስት ወር በኋላ ይሆናል፣ የጎረቤታችን ሴትዮ የፊት ክፍሎቻቸውን ሊያከራዩ ፈልገው ውሉን እንድጽፍላቸው ጠሩኝ። የእሳቸውም ቤት እንደኛው ሁለት ክፍል ነው፣ ስፋቱም ያው ነው። ለስንት ነው ስላቸው ሁለቱን በወር አንድ ሺህ ብር አሉ፤ ካሁን በፊት የነበረው ተከራይ ሲገባ ሦስት መቶ ይከፍል እንደነበር፣ አስፋልቱ ሲመጣ ስድስት መቶ እንዳደረሱት፣ ከዚያ ሺህ እንደገባ አወሩኝ። ቤት ተመለስኩና፣ አልዋሽም፣ ነጋዴው ምን ያህል እንደበሉን አውቄ ላጋልጣቸው ብዬ ነው የተቀመጥኩት። በፈተና ወረቀት ጀርባ ላይ ደመርኩ። ሦስት ዓመት በሦስት መቶ፣ አሥር ሺህ ስምንት መቶ። ሦስት ዓመት በስድስት መቶ፣ ሃያ አንድ ሺህ ስድስት መቶ። ሁለት ዓመት በአንድ ሺህ፣ ሃያ አራት ሺህ። ሃምሳ ስድስት ሺህ አራት መቶ ብር።

እንደገና ደመርኩ። ያው ነው። በስምንት ዓመት ውስጥ ሌባ ብዬ ያባረርኩት ባንክ በአሥር ዓመት ከሚወስደው በላይ ከፍለናል። የባንኩ ዕዳ ከእንግዲህ በሁለት ዓመት ውስጥ አልቆ ካርታችን ይመለስልን ነበር፤ እኛ ዘንድ ሠላሳ ሺው ገና አልተነካም። ያለፈው ማለት ይኸ ነበር። ሐጂ ይቅር በሉኝ ያሉት ይህን ብር ነው። በስሙ ጠርተው ቆጥረው ሊነግሩኝ ነው የመጡት፣ እኔ ሌላ ሌባ ስፈልግ አልሰማኋቸውም።

ያን ወረቀት ምን አደረግኩት? ቀደድኩት። አባቴ ጋ መሄድ ነበረብኝ፤ ጓሮው አሥር እርምጃ ነው። አፈርኩ። ነገ እነግረዋለሁ አልኩ፤ ነገ ደግሞ ሌላ ነገ መጣ። ትንሽ ሲቆይ ለራሴ ምክንያት አበጀሁለት፦ ቢሆንም የመንገዱ ካሳ ነገር አልተጣራም አልኩ። እውነቱን ለመናገር ያኔ ካሳውን አልጠረጠርኩም። የቀረኝ ያ ልብስ ብቻ ስለነበር ነው የለበስኩት።

ከሐጂ ጥያቄ በኋላ ሁለት ዓመት ተኩል ሲሆን ከፊተኛው ክፍል ዕቃ መጫን ተጀመረ። ከትምህርት ቤት ስመለስ የጭነት መኪና ቆሞ ቆርቆሮው ይወጣል። ምን ሊያደርጉን ነው አልኩ። ሐጂ ቁልፉን ይዘው አባቴ አጠገብ ቆመዋል። በሌላው እጃቸው ጠርዟ የተበላ ቀጭን ደብተር ይዘዋል። አውፍ ከጠየቁን ቀን ጀምሮ፣ እኛ ብንፈርምም ባንፈርምም፣ በየወሩ አንድ ሺህ ብር እየጻፉ ከዕዳችን ሲቀንሱ ነው የኖሩት። አንዱን ክፍል ዛሬውኑ ልልቀቅ ያሉትን ግን ያለ ወረቀት ቢያደርጉት ይህቺ ልጅ ደግሞ ምን ልትል ነው ብለው ፈርተው ተዉት።

«ቲቸር፣ አንቺ እይው» አሉ ደብተሯን ሰጥተውኝ።

ስሕተት ፈለግኩ። በዚያ ሰዓትም ፈለግኩ፤ እንዲህ ነኝ። አገኘሁም፤ ሠላሳ ወር ሳይሆን ሠላሳ አንድ ወር ነው የቆዩት። ልናገር አፌን ስከፍት በመጨረሻው ገጽ ላይ የሠላሳ አንደኛው ወር ኪራይ ተጣጥፎ አየሁት፣ አሥር ባለ መቶ ብር። አባቴ አሮጌውን ውል ከሣጥን አውጥቶ ሰጣቸው። ሐጂ ቀደዱትና «አውፍ?» አሉት። «ይቅር ብያለሁ፤ አንተም በለኝ» አለ አባቴ።

የአባቴ ቀኝ እጅ መንቀጥቀጥ የጀመረው በእነዚያ ሁለት ዓመት ተኩል ውስጥ ነው። መጀመሪያ ሻይ ሲጠጣ ነበር፤ ኋላ እርሳስ ሲይዝ። ወልቂጤ ድረስ ወስጄ አሳየሁት፤ ክኒን ሰጡት፣ ሐኪሙ እየባሰ እንደሚሄድ ለእኔ ለብቻዬ ነገረኝ።

ቢሆንም ሰፊውን በር ወለል አድርጎ ከፈተው። ጠረጴዛውን ፊተኛው ክፍል አስገባ፣ መጋዝና መሮውን ግድግዳው ላይ ደረደረ፤ ሰጋቱራው በር ላይ ሲታይ ሰው አናጢ መሆኑን አወቀ። በመጀመሪያው ሳምንት አንዲት እናት ልጃቸውን ሊድሩ ስለሆነ ቁም ሣጥን አዘዙት። እሺ አለ። አይሆንም እንዲል በዐይኔ ጠቀስኩት፤ አላየኝም መሰለ።

ቅዳሜ ጠዋት የቁም ሣጥኑን የዋንዛ ሣንቃ ጠረጴዛው ላይ አጋድሞ አንደኛውን ጫፍ እንድይዝለት ጠራኝ። ጥቂት ላገና እጁ አልታዘዝ ሲለው ቆመ። የዚያን ጊዜ ወጣልኝ። ኪራዩን ከሁለት ዓመት በፊት ደምሬው እንደነበር፣ ሐጂ እውነታቸውን እንደነበር፣ አውቄ ዝም እንዳልኩ፣ ሁሉንም ሣንቃውን እንደያዝኩ ነገርኩት። ይቆጣኛል ብዬ ጠበቅኩ። እንዲቆጣኝም እፈልግ ነበር።

«አውቃለሁ» አለ።

«ምኑን?»

«እኔም ደምሬዋለሁ። አራተኛ ክፍል ብደርስም የጎረቤት ኪራይ መደመር አያቅተኝም። ሐጂ አውፍ ሊለን በመጣ ዕለት ማታ ነው የደመርኩት።»

«ታዲያ ለምን አልፈረምክም? ሽማግሌዎቹ ሊመጡ ሳምንት ነበረህ።»

በአውራ ጣቱ የመላጊያውን ስለት ዳሰሰ። «ሰውየው ፊት አትፈርም ብለሽኛል» አለ። «ከፈረምኩ፣ ያቺ አስተማሪ ልጁ ሒሳብ አታውቅም ይባላል። የከተማው ልጅ ሁሉ አንቺ ጋ ነው የሚማረው። ክፍሉን በኋላም አገኘዋለሁ ብዬ ነው።»

ሰው በአባቱ ደግነት ይናደዳል? እኔ ተናደድኩ። ሁለት ዓመት ተኩል እዚያ ጓሮ፣ እጁ እየደከመ፣ ለእኔ ስም ሲል! ከሁለት ሰው አንዳችን ብንናገር ኖሮ ያለቀ ነገር ነበር። እሱ ግን ሣንቃውን አየና አጥብቄ እንድይዝ ነገረኝ። ያዝኩት። መላጊያው ሁለት ጊዜ ሄደ፤ በሦስተኛው መሃል ላይ ቀረ። እጄን በእጁ ላይ ጨምሬ ገፋነው።

ቁም ሣጥኑን የጨረሰው ሌላ አናጢ ነው።